የ1 ሚሊዮን ብር የቤት ብድር በድሬዳዋ፦ ከ5 ዓመት በላይ ከፍዬ የጻፍኩት ግምገማ

ይህ ጽሑፍ ቤተሰቤ በጥቅምት 2012 ከዚራ አካባቢ ከሚገኝ የአንድ ባንክ ቅርንጫፍ የወሰደውን የ20 ዓመት የቤት መግዣ ብድር የሚመዝን ነው። የማነሣው ጉዳይ ከአንድ ባንክ ይልቅ የብድሩን ዓይነት የሚመለከት ስለሆነ የባንኩን ስም አልጠቅስም። ብድሩን ስንወስድ ስለ መስተንግዶው ጥሩ ቃል ብቻ ነበረኝ፤ ዛሬም ስለ ሠራተኞቹ ትሕትና የምለውጠው ቃል የለኝም። ስለ ብድሩ ዋጋ ግን ያኔ የማውቀው ነገር ምን ያህል ትንሽ እንደነበረ የተረዳሁት ከ60 ወር ክፍያ በኋላ ነው፤ ቤት ለመግዛት ባንክ ለባንክ የሚዞር የከተማችን ሰው ይህን ቀድሞ እንዲያውቅ ከልቤ ስለምፈልግ ሒሳቡን ሳልደብቅ አስቀምጣለሁ።

እኔ መምህር ነኝ፤ ባለቤቴ ቀፊራ ገበያ አጠገብ ልብስ ትሸጣለች። ሳቢያን ውስጥ በወር 5,000 ብር ተከራይተን ስንኖር አከራያችን በየመስከረሙ «ኑሮው እንደምታዩት ነው» እያሉ ኪራይ ይጨምሩብን ስለነበር፣ እዚያው ሠፈር ባለ ሁለት መኝታ ቤት በ1,500,000 ብር ሲቀርብልን ብዙም አላመነታንም። የባንኩ ኢንጂነር መጥቶ ለክቶ፣ ጣሪያውንና ግድግዳውን አይቶ ቤቱን 1,430,000 ብር ገመተው፤ ባንኩም ከግምቱ 70 በመቶ ያህሉን፣ ማለትም 1,000,000 ብር ፈቀደልን። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታልና ልብ ሊባል ይገባል፤ ባንክ የሚያበድረው ሻጭ በጠራው ዋጋ ላይ ተመሥርቶ ሳይሆን ራሱ በገመተው ላይ ተመሥርቶ ስለሆነ፣ በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ሙሉ በሙሉ ከገዢው ኪስ ይወጣል። ለእኛ 500,000 ብር ጎደለን። ያንን በዕቁብ፣ ከወንድሜ በተበደርነውና ባለቤቴ ከሠርጓ ጀምሮ ባስቀመጠችው ወርቅ ሞላነው።

ከዚያም ማንም አስቀድሞ ደምሮ ያልነገረን ወጪ ተከተለ። የግምት ክፍያ፣ የባንኩ የአገልግሎት ክፍያ፣ የዕዳና እገዳ ማጣሪያ፣ ውሉን ሰነዶች ማረጋገጫ የማስመዝገቢያ፣ ስም ሲዛወር በአዋጅ ቁጥር 110/1990 መሠረት የሚከፈለው የ2 በመቶ የቴምብር ቀረጥ፣ ከዚያም መድን። እያንዳንዱ ለብቻው ሲታይ የሚቻል ነው፤ ሁሉም የሚመጣው ግን እጅ ባዶ በሆነበት በዚያው ወር ነው።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ ልግባ። ባንኩ የነገረን ሁለት ቁጥሮች ነበሩ፦ ወለዱ 16 በመቶ፣ ወርሃዊ ክፍያው 13,912 ብር ከሣንቲም። እነዚህ ቁጥሮች ትክክለኛ ነበሩ፤ ማንም አልዋሸንም። ነገር ግን እኛ በልባችን የያዝነው ሒሳብ ሌላ ነበር። 16 በመቶ ሲባል ከመቶ ብር ላይ 16 ብር የሚጨመር መሰለን፤ የመቶኛው ስሌት በየዓመቱ፣ ለ20 ዓመት፣ ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ሁሉ እንደሚደጋገም አላሰብንም። በዚያን ዕለት 13,912 ብሩን በ240 ወር ብናባዛው ኖሮ 3,339,000 ብር ያህል እናገኝ ነበር። 1 ሚሊዮን ተበድረን የምንመልሰው 3.3 ሚሊዮን ነው ማለት ነው፤ 2,339,000 ብሩ ወለድ ነው። ይህንን ለማወቅ የሚያስፈልገው የስልክ ካልኩሌተርና አንድ ደቂቃ ብቻ ነበር። ብድርዎ 3 ሚሊዮን ከሆነ በዚህ ጽሑፍ ያሉትን ቁጥሮች በ3 ያባዙ፤ ወለዱና ዘመኑ ተመሳሳይ እስከሆነ ድረስ ሒሳቡ ያው ነው።

ይህንን ሁሉ እንድመረምር ያስገደደኝ በጥቅምት 2017 የደረሰን ደብዳቤ ነው። ባንኩ በውላችን ውስጥ በተቀመጠው አንቀጽ መሠረት የወለድ ምጣኔውን ከ16 ወደ 19 በመቶ ከፍ ማድረጉን ያስታውቃል። አንቀጹን ከውሉ ውስጥ ፈልጌ አገኘሁት፤ ባንኩ «እንደ አስፈላጊነቱ» ምጣኔውን ማስተካከል እንደሚችል በአንድ መስመር ተኩል የተጻፈ ነው፣ ከሥሩም ፊርማዬ አለ። በማግስቱ ቅርንጫፉ ሄጄ ብድር ክፍል ያለውን ወጣት ባለሙያ ሙሉውን የመክፈያ ሰሌዳ እንዲያትምልኝ ጠየቅሁት። በ2012 የተሰጠን የመጀመሪያው ገጽ ብቻ ነበርና።

ሰሌዳው 240 መስመር ነው። በዚያ ሙቀት ቬንትሌተሩ እየዞረ ወረቀቶቹን ስለሚያነሣቸው ባለሙያው ስቴፕለሩን በላያቸው ላይ አስቀመጠና በእስክሪብቶው ጫፍ እየጠቆመ አስነበበኝ። የመጀመሪያው መስመር ላይ ከ13,912 ብሩ ውስጥ 13,333 ብሩ ለወለድ፣ 579 ብሩ ብቻ ለዋናው ዕዳ ይላል። ወደ 60ኛው መስመር ወረድን፤ እዚያም ለወለድ 12,647፣ ለዋናው 1,265 ብር ነው። በ5 ዓመት ውስጥ አንድም ወር ሳናሳልፍ፣ አንዳንዴም ከዕለት ጉርሳችን ቀንሰን የከፈልነው ጠቅላላ 834,754 ብር ሲሆን ከዋናው ዕዳ ላይ የቀነሰው 52,730 ብር ነው። ቀሪው ዕዳችን 947,270 ብር ነበር። ቁጥሩን ሁለት ጊዜ አስነበብኩት። «ጋሼ፣ የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ባሕርይ ነው፤ ወለዱ ይቀድማል» አለኝ፤ ተሳስቶ እንዳልሆነ፣ ማንንም ለማታለል እንዳልሆነ ከአነጋገሩ ይታወቃል።

የባለሙያው አባባል ትክክል ነው፤ ግን «ወለዱ ይቀድማል» ማለት ባንኩ ወለዱን አስቀድሞ ይሰበስባል ማለት አይደለም። በየወሩ የሚታሰበው ወለድ የዚያ ወር ቀሪ ዕዳ በ16 በመቶ ተባዝቶ በ12 ሲካፈል የሚገኘው ብቻ ነው። ዕዳው ትልቅ በሆነበት ጊዜ ወለዱም ትልቅ ነው፤ ወርሃዊው ክፍያ ግን ለ20 ዓመት እኩል እንዲሆን ተደርጎ ስለተቀመጠ ለዋናው ዕዳ የሚተርፈው ጥቂት ነው፤ ዋናው ዕዳ የሚቀንሰው በጥቂቱ ስለሆነም የሚቀጥለው ወር ወለድ ከሞላ ጎደል ያው ሆኖ ይመለሳል። በእኛ ሰሌዳ ላይ ለዋናው የሚውለው ገንዘብ ከወለዱ የሚበልጠው በ189ኛው ወር ነው፤ ይህም ከ15 ዓመት ከ8 ወር በኋላ ማለት ነው። ዕዳው ግማሽ ላይ የሚደርሰው ደግሞ በ191ኛው ወር ነው። ግማሹን ዕዳ ለመክፈል 16 ዓመት ገደማ፣ ሌላውን ግማሽ ለመክፈል 4 ዓመት ገደማ። ይህንን መስመር ማንም ተበዳሪ ከመፈረሙ በፊት በዓይኑ ሊያየው ይገባል ብዬ አምናለሁ፤ ምክንያቱም ከ7 ወይም ከ8 ዓመት በኋላ ቤቱን ሸጦ ወደ ሌላ ከተማ ለመሄድ የሚያስብ ሰው ለባንኩ የሚመልሰው ዕዳ የተበደረውን ያህል ሊሆን ጥቂት የቀረው መሆኑን የሚነግረው እርሱ ነው።

ዘመኑን ማሳጠር ምን ያህል እንደሚያቀልም በዚያው ዕለት አስላሁ። ያንኑ 1 ሚሊዮን ብር በ16 በመቶ ለ15 ዓመት ወስደን ቢሆን ኖሮ ወርሃዊው ክፍያ 14,687 ብር፣ ጠቅላላው 2,643,660 ብር ይሆን ነበር። በወር 775 ብር ብቻ ጨምረን ወደ 695,000 ብር እናተርፍ ነበር ማለት ነው። በ10 ዓመት ቢሆን ወርሃዊው 16,751፣ ጠቅላላው 2,010,000 ብር ገደማ ይሆናል። 10 ዓመቱን በ2012 አንችለውም ነበር፤ 15 ዓመቱን ግን እንችለው ነበር። ያኔ ማንም አልጠየቀንም፣ እኛም አልጠየቅንም፤ «ረዥሙ ይቀላችኋል» ተባልን፣ እውነትም በወሩ ቀለለን።

ከ16 ወደ 19 በመቶ የተደረገው ለውጥ በጆሮ ሲሰማ 3 ብቻ ነው። በቀሪው 947,270 ብር ላይ የወሩ ወለድ ግን 14,998 ብር ሆነ፤ ይህም ስንከፍለው ከነበረው ሙሉ ክፍያ ይበልጣል። በቀድሞው 13,912 ብር ብንቀጥል ኖሮ ዕዳው ሊቀንስ ይቅርና በየወሩ ያድግ ነበር። ስለዚህ ባንኩ ክፍያውን ወደ 15,941 ብር ከፍ አደረገው። ለውጡ የመጣው አገሪቱ የገንዘብ ፖሊሲዋን በቀየረችበት ዘመን ነው፤ ብሔራዊ ባንክ ሐምሌ 2016 ላይ የ15 በመቶ የፖሊሲ ወለድ ምጣኔ ይፋ ማድረጉን አንባቢ ያስታውሳል። ባንኮችም ገንዘብ ሲወደድባቸው ዋጋውን ወደ ተበዳሪው ማሳለፋቸው የሚጠበቅ ነው። ቅሬታዬ ውሉ ለጭማሪው ጣሪያ አለማስቀመጡ፣ ከምን ተነሥቶ እንደሚሰላም አለመናገሩ ነው።

ባለሙያው አዝኖልን አንድ አማራጭ አቀረበ፤ ቀሪውን 15 ዓመት እንደገና ወደ 20 እንመልስላችሁና ክፍያው ይቀልላችሁ አለን። ባለቤቴ ወዲያው ልትስማማ ነበር። እኔ ካልኩሌተሩን አወጣሁ። በ20 ዓመት ክፍያው 15,352 ብር ይሆናል፤ ከ15,941 ጋር ሲነጻጸር በወር 589 ብር ይቀንሳል። ነገር ግን 15,352 በ240 ሲባዛ 3,684,000 ብር ይመጣል፤ በ15 ዓመቱ ግን ጠቅላላው 2,869,000 ብር ነው። ለ589 ብር ወርሃዊ ዕረፍት 815,000 ብር እንከፍል ነበር ማለት ነው። በችግር ጊዜ ዘመን ማራዘም ቤትን ከሐራጅ ሊያድን ስለሚችል አማራጩን አላወግዘውም፤ ያለ ችግር ለመቅለል ሲባል ብቻ መቀበል ግን ትልቅ ስሕተት ነው።

እኛ የመረጥነው ተቃራኒውን ነው። የሱቁን ገቢ ቆጥረን፣ ከልጆቻችን የትምህርት ወጪ ውጭ ያለውን ሁሉ አይተን በየወሩ 17,500 ብር ለመክፈል ተስማማን። ከታዘዝነው በወር 1,559 ብር ይበልጣል። በዚህ አከፋፈል ቀሪው ዕዳ በ15 ዓመት ፈንታ በ10 ዓመት ከ4 ወር ያልቃል፤ ጠቅላላውም 2,167,000 ብር ገደማ ይሆንና ከ700,000 ብር በላይ ወለድ ይቀርልናል፣ ምጣኔው እዚያው ከቆየ።

እዚህ ላይ የደረሰብንን በዝርዝር ልንገራችሁ፤ ሌላ ሰው ላይ እንዲደርስ አልፈልግም። ከኅዳር እስከ ግንቦት 2017 ለ7 ወራት 17,500 ብር አስገባን። በሰኔ የሒሳብ መግለጫ ስወስድ ቀሪው ዕዳ የሚያሳየው 15,941 ብር ብቻ እንደከፈልን ሆኖ ነው። ትርፉ፣ 7 ጊዜ 1,559፣ ማለትም 10,913 ብር፣ «ቅድሚያ ክፍያ» በሚል ስም ለብቻው ተቀምጧል። የባንኩ ሥርዓት ከወርሃዊው ክፍያ በላይ የገባን ገንዘብ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ እንደ ተቀመጠ ስለሚቆጥረው ዋናውን ዕዳ አይቀንስም፤ እንዲቀንስ ከተፈለገ ተበዳሪው በጽሑፍ ማመልከት አለበት። ይህን የነገረን ሰው አልነበረም። በዚያው ዕለት ባለሙያው ጠረጴዛ ላይ አንድ አንቀጽ ማመልከቻ ጻፍኩ፤ «ከወርሃዊ ክፍያዬ በላይ የማስገባው ገንዘብ ከዋናው ዕዳዬ ላይ እንዲቀነስልኝ» የሚል። ሥራ አስኪያጇ ፈረሙበት፤ እኔም አንዱን ቅጂ ማኅተም አስደርጌ ቤት አስቀመጥኩ። በ7 ወሩ የጠፋብን ወለድ 500 ብር ያህል ስለሆነ ጉዳቱ ቀላል ነው። ለ10 ዓመት ሳናውቀው ቢቆይ ግን የተመኘነው 700,000 ብር ከነጭራሹ ባልኖረም ነበር። ስለዚህ ትርፍ የምትከፍሉ ሁሉ ከመጀመሪያው ወር ጀምራችሁ መግለጫ ውሰዱ። ቀድሞ ለሚከፈል ገንዘብ ቅጣት መኖር አለመኖሩንም ከውሉ ላይ አረጋግጡ፤ በእኛ ውል የለም፣ ለዚህም ባንኩን አመሰግናለሁ።

ከወለድ ውጭ በየዓመቱ የሚመጣ ወጪም አለ። ቤቱ በባንኩ ተጠቃሚነት የእሳት መድን ሊገባለት ግድ ነው፤ በየዓመቱም ይታደሳል። የጎርፍ ሽፋን በእኛ ፖሊሲ ውስጥ አልነበረም፤ ለብቻው ተጠይቆና ተከፍሎበት ነው የተጨመረው። በሐምሌ 1998 መጨረሻ የደቻቱ ጎርፍ ሌሊት መጥቶ ከ200 በላይ ሰው በገደለበት ከተማ ይህንን ጥያቄ ሳይጠይቁ መፈረም አይገባም፤ ቤቱ ከወንዙ ቢርቅም እንኳ ከተራራው የሚወርደው ውኃ በየት በኩል እንደሚያልፍ ነባር ጎረቤትን መጠየቅ ደግ ነው። የመያዣው ምዝገባም ወጪ አለው። በ1952 የፍትሐ ብሔር ሕግ መሠረት የመያዣ ምዝገባ የሚጸናው ለ10 ዓመት ስለሆነ በ20 ዓመት ብድር ውስጥ መታደሱ አይቀርም፤ በእኛ ውል የማሳደሻውን ወጪ የምንችለው እኛ ነን። በጥር 2017 የጸደቀው የንብረት ታክስ አዋጅም ለቤት ባለቤት ወደፊት የሚታሰብ ዓመታዊ ወጪ ነው።

ለድሬዳዋ ብቻ የሚሆን አንድ ነገር ልጨምር። የከተማችን ውኃ ጠጣር ነው። ማንቆርቆሪያ ውስጥ ነጭ ቅርፊት ሠርቶ የሚቀረው ያው ነገር በቤቱ ቧንቧ ውስጥም ይጋገራል። በ5 ዓመት ውስጥ የመታጠቢያ ቤቱን መስመር ሁለት ጊዜ ለውጠናል፤ ሁለተኛውን ጊዜ የቧንቧ ሠራተኛው ቆርጦ ያወጣውን ቁራጭ ሲያሳየኝ ውስጡ እርሳስ የሚያስገባ ቀዳዳ ብቻ ቀርቶት ነበር። ተከራይ ሳለን ይህ የአከራያችን ጣጣ ነበር። የቤት ብድር ሲታሰብ ከወርሃዊው ክፍያ ጎን የጥገና ገንዘብ መቀመጥ አለበት፤ እኛ አላስቀመጥንም፣ ሁለተኛውን ጥገና ከዕቁብ ወስደን ነው የሠራነው።

መክፈል ሲያቅት የሚሆነውን ባንኩ ውል በሚያስፈርምበት ዕለት በግልጽ ቢናገር መልካም ነበር። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንክ ለተበዳሪው የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ከሰጠ በኋላ በመያዣ የያዘውን ቤት ፍርድ ቤት ሳይሄድ በሐራጅ የመሸጥ መብት አለው። 30 ቀን አጭር ነው። እኛ ከዚህ የተነሣ የ3 ወር ክፍያ በተለየ ሒሳብ ሳናስቀምጥ ትርፍ መክፈል አልጀመርንም፤ ሱቁ በኮቪድ ጊዜ ተቀዛቅዞ የነበረበትን ወር አልረሳነውም።

ሌሎች አማራጮችንም ከዚህ ጋር አነጻጽሬያለሁ። ጎረቤታችን ሐጂ ቤታቸውን የገዙት ከወለድ ነፃ በሆነ አገልግሎት ነው። እንደ ዘምዘምና ሂጅራ ያሉ ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ የሆኑ ባንኮች አሉ፤ ሌሎቹም ባንኮች ለዚሁ የተለየ መስኮት አላቸው። ሐጂ በገቡበት የሙራባሓ ውል ባንኩ ንብረቱን ራሱ ገዝቶ የትርፍ መጠኑን በግልጽ ከነገራቸው በኋላ በተወሰነ ዋጋ በረዥም ጊዜ ክፍያ ሸጠላቸው። ውላቸውን አሳይተውኛል፤ ጠቅላላው ዋጋ በመጀመሪያው ገጽ ላይ በአኃዝና በፊደል ተጽፏል። የእኔ ውል 30 ገጽ ቢሆንም ያ ቁጥር የትም የለም። ሐጂ በጥቅምት 2017 እንደ እኛ ደብዳቤ አልደረሳቸውም፤ ዋጋው በሽያጭ ውል ስለተቆረጠ ሊለወጥ አይችልም። በሌላ በኩል በሙራባሓ ቀድሞ መክፈል በራሱ ጠቅላላውን ዋጋ አይቀንስም፤ ቅናሽ ማድረግ የባንኩ ፈቃድ ነው። ስለዚህ እንደ እኛ ትርፍ እየከፈለ ዘመኑን ለማሳጠር የሚያስብ ሰው ይህን አስቀድሞ መጠየቅ አለበት። ትርፍ የመክፈል ዐቅም ለሌለው፣ ደመወዙ የታወቀ ሰው ግን የሐጂ ውል ከእኔ ውል የተሻለ ሰላም እንደሚሰጥ ሳልሸሽግ እናገራለሁ።

ሥራ ባልደረቦቼ ደግሞ «የእኛ ማኅበር በ10 በመቶ ያበድራል፣ ባንክ ለምን ትሄዳለህ» ይሉኝ ነበር። የ10 በመቶው ወለድ የሚታሰበው ግን በቀሪው ዕዳ ላይ ሳይሆን እስከ መጨረሻው ወር ድረስ በመጀመሪያው ብድር ላይ ነው። 100,000 ብር ለ5 ዓመት በዚህ ስሌት ቢወሰድ በወር 2,500 ብር ይከፈላል፤ ይህም በቀሪ ዕዳ ላይ ሲተረጎም ከ17 በመቶ በላይ ወለድ ነው። የባንኩ 16 በመቶ ከማኅበሩ 10 በመቶ ይረክስ ነበር። ስለዚህ መቶኛ ሲነገራችሁ «በቀሪው ላይ ነው ወይስ በመነሻው» ብላችሁ ጠይቁ።

የብር ዋጋ መውረድን ሳላነሣ ባልፍ ግምገማዬ ፍትሐዊ አይሆንም። ብድሩን ስንወስድ 1 የአሜሪካ ዶላር ወደ 30 ብር ይመነዘር ነበር፤ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ ከ100 ብር አልፏል። ዕቃው በጅቡቲ መንገድ በሚገባበት በእኛ ከተማ ይህ ለውጥ ሱቅ ላይ ሳይውል ሳያድር ይታያል። ዕዳችን በብር ስለተቆረጠ የብሩ ዋጋ በወረደ ቁጥር የዕዳው ክብደት ይቀንሳል፤ በ2012 የሱቁን ገቢ ሁሉ ይወስድ የነበረው 13,912 ብር በ2017 ያን ያህል አይከብድም ነበር። ከ5 ዓመት በፊት በነበረው ዋጋ ዛሬ እንዲህ ያለ ቤት አይገኝም። ስለዚህ «ሦስት እጥፍ ከፈልን» የሚለው ቁጥር እውነት ቢሆንም የ2031 ብር የ2012 ብር አይደለም። ነገር ግን ይህ ማቅለል የሚሠራው ገቢው ከኑሮው ጋር አብሮ ለሚያድግ ሰው ነው። የባለቤቴ ሱቅ ዋጋ ሲጨምር ይጨምራል፤ የእኔ ደመወዝ ግን እንደዚያ አይደለም። በደመወዝ ብቻ የሚኖር መምህር የዋጋ ንረት ዕዳዬን ይበላልኛል ብሎ ቢፈርም፣ ንረቱ መጀመሪያ የሚበላው የእርሱን ገበታ ነው። ወለዱም እንደ እኛ ውል የሚለዋወጥ ከሆነ ባንኩ የንረቱን ጥቅም በምጣኔ ጭማሪ መልሶ ሊወስደው ይችላል።

በቤቱ አልቆጨኝም። በየመስከረሙ የሚመጣው የኪራይ ጭማሪ ቀርቷል፤ ልጆቻችን ትምህርት ቤት አልቀየሩም፤ ባለቤቴ በግቢው ውስጥ የተከለችው የሎሚ ዛፍ ፍሬ ይዟል። የሚቆጨኝ ያለ ሰሌዳ መፈረሜ ነው። ለባንኩ ነጥብ ስጥ ብባል ለመስተንግዶ ከ5 አራት ተኩል እሰጣለሁ፤ ከማመልከቻ እስከ ገንዘብ መልቀቅ 7 ሳምንት ብቻ ወስዷል፣ ጉቦ የጠየቀን ሰው የለም፣ ወለዱም የታሰበው በትክክል በቀሪው ዕዳ ላይ ነው። ለግልጽነት ግን ከ5 ሁለት። ጠቅላላው ክፍያ በውሉ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ቢጻፍ፣ ሙሉው ሰሌዳ ከፊርማ በፊት ቢሰጥ፣ የ15 ዓመቱና የ20 ዓመቱ ጎን ለጎን ቢታይ፣ ትርፍ ክፍያም ያለ ማመልከቻ ዋናውን ዕዳ ቢቀንስ ሁለቱ አምስት ይሆን ነበር፤ ከእነዚህ አንዱም ባንኩን ብዙ ወጪ አያስወጣውም። እስከዚያው ግን ከዚህ ባንክ መበደር ያለበት ትርፍ ለመክፈል ዐቅምም ጽናትም ያለው ሰው ነው። ወርሃዊውን ክፍያ ብቻ እንደ ምንም እየቻለ 20 ዓመት ለመዝለቅ ለሚያስብ ሰው አልመክረውም።

በመስከረም 2018 የወሰድኩት መግለጫ ቀሪው ዕዳችን 918,000 ብር ገደማ መሆኑን ያሳያል። በመጀመሪያዎቹ 5 ዓመታት ከዋናው ዕዳ ላይ የቀነሰው በዓመት በአማካይ 10,500 ብር ነበር፤ ባለፉት 11 ወራት፣ ወለዱ ወደ 19 በመቶ ከፍ ብሎ እያለ፣ 29,000 ብር ቀንሷል። መግለጫውን ማኅተም ካለበት ማመልከቻ ጋር አያይዤ ቁም ሣጥን ውስጥ አስቀምጫለሁ፤ የሚቀጥለውን በመጋቢት እወስዳለሁ።